የተሻለ ላኪልን

ፎቶው ሲከፈት ሀያም መጀመሪያ ራሷን አላወቀችም። ጀርባዋን ለካሜራው ሰጥታ በትከሻዋ በኩል ዞራ የምትስቅ አንዲት ልጅ ናት። ፀጉሯ ግማሹ ተሠርቷል፤ ግማሹ ገና እንደተበተነ ጀርባዋ ላይ ወርዷል። ቀጥላ ትከሻዋ ላይ የተጣለውን ሰማያዊ ፎጣ አየችው። የጓደኛዋ የሮሃ ፎጣ ነው። ልጅቷ ራሷ ሀያም ናት።

ከፎቶው ሥር እንዲህ ይላል፦ «ነገ ጠዋት ይወጣል። እንዳይወጣ ከፈለግሽ የተሻለ ላኪልን። ስልክሽ ውስጥ ያልገባ ሰው የለም አሉ።»

ላኪው «የጓሮ በር» ነው።

ሀያም ስልኩን ደረቷ ላይ ለጠፈችው። አዲሱ ገበያ ያለው የአባቷ የመጋረጃና የብርድ ልብስ ሱቅ ውስጥ፣ ከጣሪያ የሚደርሰው የጨርቅ ክምር ጀርባ ቆማለች። አባቷ ሙዘይን ከፊት ለፊት ከአንዲት ደንበኛ ጋር በመጋረጃ ዋጋ ይከራከራል። ሴትየዋ ትስቃለች፤ እሱም ይስቃል። መንገድ ላይ የታክሲ ረዳቶች ይጮሃሉ። ዓለም ልክ ከደቂቃ በፊት እንደነበረች ናት።

የጓሮ በርን በትምህርት ቤታቸው የማያውቅ ተማሪ አልነበረም። ማን እንደሚያንቀሳቅሰው ግን የሚያውቅ የለም። ትምህርት እንደተከፈተ ሰሞን ነው ኢንስታ ላይ ብቅ ያለው። ክፍል ውስጥ አፉን ከፍቶ የተኛ፣ በስፖርት ሰዓት ሱሪው የተቀደደ፣ ሰሌዳ ፊት ቆሞ የሚያለቅስ፣ ማንንም አይምርም፤ ፎቶውን ይለጥፋል፣ ከሥሩ አንድ መስመር ጽፎ ሙድ ይይዝበታል። እየተሳደበም ቢሆን የማይከታተለው ተማሪ አልነበረም። ሀያምም ትከታተለው ነበር። አንዳንዱ ፎቶ አስቋታል። አሁን ያሳቋት ልጆች ፊት አንድ በአንድ መጣባት።

«ስልክሽ ውስጥ ያልገባ ሰው የለም» ያሉት ግን እውነታቸውን ነው። ስልኩ የወንድሟ የኢምራን ነበር። ዩኒቨርሲቲ ሲገባ ሌላ ተገዛለትና ይሄ ለእሷ ደረሳት። ጥጉ ቢሰነጠቅም ካሜራው ግሩም ነው። በዚያ ላይ ሀያም ፎቶ ታውቃለች። ብርሃን ከየት በኩል እንደሚመጣ፣ ማን በየትኛው ጎኑ እንደሚያምር፣ ሰው ፎቶ እየተነሳ መሆኑን መቼ እንደሚረሳና ራሱን እንደሚሆን ታውቃለች። ስልክ ወደ ግቢ ማስገባት ክልክል ነው፤ የማያስገባ ግን የለም። ዕረፍት ሲሆን «ሀያምዬ፣ በናትሽ አንድ ብቻ!» የማይላት የዘጠነኛ ክፍል ልጅ የለም። የሷ የራሷ ገጽ ላይ ፊት የሚባል ነገር የለም፤ ዝናብ ያራሰው ኮብልስቶን፣ ጉም የዋጠው የቁስቋም ባሕር ዛፍ፣ የሰው እጅ። ተከታዮቿም ያን ያህል አይደሉም። ብዙ ተከታይ ያላት ሮሃ ናት። የሮሃን ፎቶ ደግሞ ከሞላ ጎደል ሁሉንም ያነሳችው ሀያም ናት።

ይህኛውን ግን ሮሃ ነበረች ያነሳችው። አንድ ቅዳሜ እነ ሮሃ ቤት፣ በሩ ተዘግቶ፣ ሮሃ ሹሩባ እየሠራችላት ሳለ። «ከኋላ እንዴት እንደሚያምር ላሳይሽ» አለችና አነሳቻት። ሀያም አይታ፣ «ቀሽት ነው። አሁን አጥፊው» አለቻት። «አጠፋሁት፣ በቃ!» አለች ሮሃ። ሀያም ከቤቷ ውጪ ያለ ሻርፕ ታይታ አታውቅም። ሮሃም ይሄን አሳምራ ታውቃለች።

«አባ» አለች ደንበኛዋ ስትወጣ፤ ስልኩን እየሸሸገች። «ሮሃ ጋ ደርሼ ልምጣ?»

«ከመግሪብ በፊት ተመለሺ» አለ ሙዘይን መጋረጃውን እያጠፈ፣ ቀና ብሎም አላያትም።

*

ወደ ቁስቋም የሚወጣውን ዳገት ሌላ ጊዜ ሦስቴ እያረፈች ነው የምትወጣው። ዛሬ አንዴም አልቆመችም። ሮሃ በሩን ስትከፍት ጆሮዋ ላይ ማዳመጫ ሰክታ የእሁዱን መዝሙር እየተለማመደች ነበር። እናቷ እትዬ የሺ፣ ጳውሎስ አካባቢ ካለ ካፌ ውስጥ ምግብ አብሳይ ናት፤ በዚህ ሰዓት ቤት አትገኝም።

«እንዴ! ሳትደውዪ?»

ሀያም ስልኩን ፊቷ ላይ ዘረጋችላት። ሮሃ ፎቶውን አየች። ማዳመጫውን ከጆሮዋ ነቀለች፤ ቀጭን የመዝሙር ድምፅ ከውስጡ ይሰማል።

«ማነው የላከልሽ?»

«አንቺ ነሽ የምትነግሪኝ።»

«እኔ? እኔማ አጥፍቼዋለሁ። ፊትሽ አይደል እንዴ ያጠፋሁት?»

«ሮሃ።»

«ወይ ሰው ስልኬን ነክቶት ይሆናል። ቸርች ለልምምድ ስንገባ ቻርጅ ላይ ትቼው ነበር። እዚያ ስንት ሰው ነው የሚመላለሰው መሰለሽ…»

«ስልክሽ በፓስወርድ ነው የሚከፈተው። ፓስወርዱን እኔ እንኳን አላውቀውም።»

ሮሃ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። ስልኳን ከፈተችና ሀያምን ሳታያት ዘረጋችላት።

የጓሮ በር ለእሷም ፎቶ ልኮላታል፤ ፎቶው ላይ ራሷ ሮሃ አለች። ሀያም ግን እንዲህ ያለችውን ሮሃ ስልኳ ውስጥ አስገብታ አታውቅም። የውሃ ሰልፍ ላይ ናት። የእናቷን አሮጌ ቀሚስ ለብሳለች፤ ጭንቅላቷን በጨርቅ ጠፍራለች፤ የግራና የቀኝ እግሯ ነጠላ ጫማ አይመሳሰልም። በሁለት ቢጫ ጀሪካኖች መካከል ቆማ፣ አፏን በሰፊው ከፍታ፣ ሰልፍ ከገባባት ሰው ጋር ትጣላለች።

«ታዲያ ይሄ ምን አለው?» አለች ሀያም ሳታስበው።

«ላንቺ ምንም የለውም!» አለች ሮሃ። «ሁልጊዜ የት ነው የምታነሺኝ? የጎረቤታችን የእነ ስብሐት ፎቅ በረንዳ ላይ። ሰው ሁሉ ቤቴ ይመስለዋል። ‹በረንዳችሁ ሲያምር› ይሉኛል፣ እኔም ‹አመሰግናለሁ› ነው የምለው። አንድ ቀን እንኳን ‹የኛ አይደለም› ብዬ አላውቅም። ይሄ ቢወጣ ሰው ምን እንደሚለኝ ታውቂያለሽ?»

«እና የኔን ሰጠሻቸው።»

«መጀመሪያ ለመንኳቸው። ማንን እንደሚያምኑ አላውቅ፣ ወላዲትም አልቀረችኝ፣ ጌታም አልቀረኝ። ሌላ የራሴን ፎቶ ላክኩላቸው፣ አይሆንም አሉ። የሰው ነው የፈለጉት። ከዚያ ይሄን አየሁት። አንቺ ስትስቂ በጣም ታምሪያለሽ። ቆንጆ ፎቶ ነው፣ ማንም ሙድ አይዝበትም ብዬ…»

«ሮሃ፣ ፀጉሬ ነው።»

ሮሃ ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች። «አውቃለሁ» አለች ከእጆቿ ሥር። «ስልክላቸውም አውቄ ነው።»

ሀያም ክርክር ነበር የጠበቀችው። ሮሃ እየካደች ብትቀጥል ኖሮ ትጮህባት ነበር፤ አሁን ግን የምትጮህበት ቦታ ጠፋባት። ወደ በሩ ዞረች።

«ሀያም፣ ቆይ!» ሮሃ ተነስታ ተከተለቻት። «አንቺም ላኪላቸውና ይተዉሻል። እኔን ትተውኛል እኮ። ስልክሽ ውስጥ ስንቱ አለ! አንድ ብቻ ላኪ፣ ከዚያ እናግዳቸዋለን፣ በቃ፣ ያልቃል።»

ሀያም ወጣች።

*

ከዳገቱ ወገብ ላይ የአንድ ግቢ አጥር ሥር ድንጋይ አለ፤ እንጨት ተሸክመው የሚወርዱ ሴቶች የሚያርፉበት። እዚያ ተቀመጠችና የስልኳን ጋለሪ ከፈተች።

ልትልክ አይደለም። ለማየት ብቻ ነው። ለራሷ ያለችው እንዲህ ነበር።

የክፍሏ ልጆች ናቸው፦ መዝገቡ ጎል ስቶ መሬት ላይ ሲንከባለል። ጀና ሳቋ ይዟት ሻዩ ከአፍንጫዋ ሲወጣ። እነዚህ ለጓሮ በር አይበቁም። ጣቷ ወደ ታች ወረደ። ወረደ፣ ወረደና ቆመ።

ደሳለች።

ደሳለች የክፍላቸው ልጅ ናት፤ ቁመቷ ረጅም፣ ድምፅዋ የማይሰማ። ስትናገር ትንተባተባለች። ስም ሲጠራ «አቤት» በማለት ፈንታ እጇን ብቻ ታወጣለች፤ መምህራኑም ለምደውላታል። አንድ ቀን ሀያም ከቤተ መጻሕፍቱ ጀርባ በዛፎቹ መሐል የሚገባውን ብርሃን ልታነሳ ስትሄድ ደሳለችን አገኘቻት። ግድግዳውን ፊት ለፊት ቆማ ታናግረዋለች። በዚያ ሰሞን የትምህርት ቤቱ ሚኒ ሚዲያ አዳዲስ አንባቢዎችን ይፈትን ነበር። ሀያም ድምፅ ሳታሰማ አነሳቻትና ሄደች።

ፎቶው ላይ ደሳለች ዓይኗን ጨፍናለች። አፏ ወደ አንድ ጎን ተጣሟል። ቀኝ እጇን፣ ግድግዳውን ልትመታ የተዘጋጀች ይመስል፣ ወደ ላይ አንስታለች። ላላወቀው ሰው ያስቃል። «ግድግዳው ራሱ ሰለቸው» ብለው ቢጽፉበት ትምህርት ቤቱ በሙሉ በሳቅ ይፈርሳል።

ሀያም ግን ድምፁን ሰምታለች። ደሳለች ለግድግዳው የምትነግረው የራሷን ስም ነበር። «ደ… ደ… ደ…» እያለች ትጀምራለች፣ ትቆማለች፣ እጇን ታነሳለች፣ እንደገና ትጀምራለች።

ሀያም ፎቶውን መረጠችው። የጓሮ በር መልእክት ሥር ትንሽ ሆኖ ገባ። የቀረው አንዲት ቀስት መንካት ብቻ ነው። አባቷን አሰበች፤ ሱቁ ደጃፍ ሰላም የሚሉትን ሰዎች፣ በመስጊድ የሚያውቁትን ሁሉ። ኢምራንን አሰበች፤ ጓደኞቹ ስልክ ላይ የእህቱ ፎቶ ሲዞር። ደሳለችን ደግሞ… ደሳለች ምን ትሆናለች? ትጮሃለች? አትጮህም። ለማን ትናገራለች? ለማንም። ጓደኛ እንኳን የላትም፤ ማን ብላ…

እዚህ ላይ ስትደርስ ሐሳቧ ራሱ አስደነገጣት። ሮሃም እዚያ አልጋ ላይ ተቀምጣ ልክ እንዲህ እያለች ይሆናል የመረጠቻት። ሀያም አትጮህም። ሀያም ለማን ትናገራለች?

አውራ ጣቷን ፎቶው ላይ አድርጋ ከመልእክቱ አወጣችው። ፍርሃቱ ግን አብሮ አልወጣም። ከድንጋዩ ተነስታ ወደ ሱቁ ወረደች።

*

ሱቅ ስትደርስ አባቷ ለሶላት ወጥቷል። እናቷ ዘኪያ ቦታውን ይዛ የቀኑን ጨርቅ ታጥፋለች።

«እማ፣ አንድ ነገር ላሳይሽ። ግን አትጩኺ።»

ዘኪያ መነጽሯን ከግንባሯ ወደ ዓይኗ አወረደች። ፎቶውን ስታይ መጀመሪያ ያደረገችው ስልኩን በመዳፏ መክደን ነበር፤ አላፊ አግዳሚው የሚያየው ይመስል። ከዚያ መዳፏን በጥቂቱ ከፍታ እንደገና አየችው።

«የት ነው ይሄ?»

«እነ ሮሃ ቤት። ፀጉሬን የተሠራሁ ቀን።»

«ወንድ ነበር?»

«ወላሂ አልነበረም። እኔና ሮሃ ብቻ ነበርን። እትዬ የሺ ጓዳ ነበሩ።»

«ማነው የላከልሽ?»

«አላውቀውም። ማንም አያውቀውም። ነገ ለሰው ሁሉ አወጣዋለሁ ነው የሚለው።»

«ምን ፈለገ? ብር?»

«የሌላ ልጅ ፎቶ።»

ዘኪያ ቀና ብላ አየቻት። «ላክሽለት?»

«አልላክኩም።» አለች ሀያም። «ልልክ ነበር፣ እማ። አንዲት ልጅ መርጬ ነበር።»

ዘኪያ የብርድ ልብስ ክምሩ ላይ ተቀመጠች። ሀያም የሚመጣውን ጠበቀች፤ ስልኩ እንደሚወሰድ፣ ሮሃ ቤት መሄድ እንደሚቀር፣ ምናልባትም ከዚያ የባሰ።

«ለአባትሽ እኔ እነግረዋለሁ» አለች በመጨረሻ። «ለኢምራንም።»

«ኢምራን ይገድለኛል!»

«ማንን ነው የሚገድለው?» የዘኪያ ድምፅ ለመጀመሪያ ጊዜ ከፍ አለ። «ምን አጠፋሽና? ሴት ጓደኛሽ ቤት፣ በር ተዘግቶ፣ ፀጉርሽን ተሠራሽ። ‹ሂጂ› ብዬ የላክሁሽ እኔ ነኝ። ሰርቆ ያየ ይፈር እንጂ አንቺ ምን ቤት ነሽ?» ትንፋሿን ሰብሰብ አደረገች። «የመረጥሻት ልጅ ነገር ግን ሌላ ነው። እሱን ከራስሽ ጋር ጨርሺ።»

ሀያም አንገቷን ደፋች።

«አሁን ጻፊለት» አለች ዘኪያ ስልኩን እየመለሰችላት።

«ምን ብዬ?»

«‹እናቴ አይታዋለች› በይው።»

«እንዲሁ? ሌላ የለም?»

«ሌላ ምን አለ? ይሄው ነው።»

ሀያም ጻፈች፦ «እናቴ አይታዋለች።» ላከችው። ወዲያው እንደተነበበ አሳየ። ሁለቱም ስልኩን እያዩ ጠበቁ። መልስ የለም። መልስ ሳይመጣ ቀረ።

«ነይ፣ ይሄን መጋረጃ ያዢልኝ፣ እንጠፈው» አለች እናቷ። አንደኛውን ጫፍ እሷ፣ ሌላኛውን ሀያም ይዘው ሲዘረጉት፣ ጨርቁ በእናቷ በኩል ሲርገበገብ ሀያም አየች። እናቷም ፈርታለች ማለት ነው።

በዚያ ምሽት እራት ላይ ኢምራን «ማን እንደሆነ ልወቅ ብቻ!» ብሎ ብድግ ሲል አባቷ «ተቀመጥ» አለው፤ ኢምራንም ተቀመጠ። ጠዋት ሀያም ልትወጣ ስትል ሙዘይን በሩ ላይ ቆሞ ጠበቃት። ከሕፃንነቷ ወዲህ አድርጎት የማያውቀውን አደረገ፤ የሻርፗን ጫፍ በጣቶቹ ይዞ አስተካከለላት።

«ቀና ብለሽ ሂጂ» አለ።

*

ፎቶው የወጣው እሷና እናቷ ታክሲ ይዘው ወደ ትምህርት ቤት እየሄዱ ሳለ ነው። ከሥሩ «የፎቶግራፈሯ ፎቶ» ይላል። ሀያም አየችው፤ ለእናቷም አሳየቻት። ዘኪያ ራሷን ነቀነቀችና በመስኮት ወደ ውጪ ማየቷን ቀጠለች።

ምክትል ርእሰ መምህሩ በትሕትና ተቀበሏቸው፤ አዘኑ፤ ነገር ግን አካውንቱ የማን እንደሆነ ለማወቅ እንዳልቻሉ ነገሯቸው። «ከእንግዲህ ስልክ ይዞ የተገኘ ተማሪ ላይ እርምጃ እንወስዳለን» አሉ።

«እርስዎም ያውቁታል፣ የኔ ልጅ ፎቶ የተነሳው እዚህ ግቢ አይደለም» አለች ዘኪያ። «የሚሳቅባት ግን እዚህ ነው። ስልኩን መሰብሰብ ብቻውን አይበቃም።»

ሀያም ክፍል ስትገባ ወሬው ባንድ ጊዜ ተቋረጠ። ከሮሃ ጋር የሚቀመጡበት ዴስክ ባዶ ነው። ሮሃ የመጨረሻው ረድፍ ላይ፣ ጥጉ ጋ፣ አንገቷን ደፍታ ተቀምጣለች። ሀያም ብቻዋን ተቀመጠች። መምህሩ ገና አልገቡም።

«ሀያም፣ ግን ለምን ትሸፍኚዋለሽ?» አለ መዝገቡ ከኋላ። «ያምራል እኮ!»

ጥቂቶች ሳቁ። ጀና የራሷን ሂጃብ እያስተካከለች ዞረች። «አንተ ባለጌ! አፍህን ዝጋ!»

«ምን አልኩ? ያምራል ነው ያልኩት፣ አቦ!»

ሀያም ዴስኩ ላይ ያለውን የብዕር ጭረት እያየች ነበር። አባቷ ‹ቀና ብለሽ› ያላትን ልታደርግ ሞከረች፤ አንገቷ እምቢ አላት። በዚህ መሐል ከመስኮቱ በኩል ወንበር ሲንሸራተት ተሰማ። ደሳለች ተነስታ ቆማለች።

ደሳለች ሳትጠራ ተነስታ አታውቅም። ክፍሉ ዞሮ አያት።

«ስ… ስልክ ያላችሁ» አለች፣ «አ… አውጡ።»

ማንም አልተንቀሳቀሰም።

«ገጹ ላይ ግቡና ሪ… ሪ…» ቃሉ ያዛት። ጉሮሮዋ ላይ ያለው ጅማት ተገተረ። መዝገቡ ሳቅ ጀመረ፤ አብሮት የሚስቅ ሲያጣ ግን ተወው። ደሳለች ዓይኗን ጨፈነች። ቃሉን አልቀየረችውም፤ አልተቀመጠችም። ክፍሉ በሙሉ አብሯት ጠበቀ።

«ሪፖርት አድርጉት» አለች። «ሁ… ሁላችንም። ብዙ ሰው ሲሆን ያወርዱታል።»

መጀመሪያ ስልኳን ያወጣችው ጀና ናት። ከመጨረሻው ረድፍ ደግሞ ሮሃ፣ አንገቷን እንደደፋች፣ አወጣች። ከዚያ ሌሎች። ደሳለች በዴስኮቹ መሐል እየዞረች የቱን እንደሚነኩ በጣቷ አሳየቻቸው። መዝገቡ ጋ ስትደርስ ቆመች። ልጁ ትንሽ አንገራገረና ስልኩን ከኪሱ አወጣ።

ደሳለች በዚህ አላበቃችም። በሩን ከፍታ ወደ ቀጣዩ ክፍል ሄደች። በሁለቱ ክፍሎች መካከል ያለው ግድግዳ ስስ ነው። ሀያም ጆሮዋን ሰጠች። በዚያ በኩል የነበረው ጫጫታ ጸጥ አለ። ከዚያ ያ የምታውቀው ድምፅ መጣ፤ ያንኑ ፊደል እየደጋገመ፣ እየቆመ፣ እንደገና እየተነሳ።

ምሳ ሰዓት ላይ ፎቶው ከገጹ ወርዶ ነበር። ስንት ሰው እንዳየው፣ ስንቱ ስልኩ ውስጥ እንዳስቀረው አይታወቅም። ሀያም ይሄን አልዘነጋችውም። የሆነ ሰው ስልክ ውስጥ ዛሬም ነገም ትስቃለች። ቢሆንም እንጀራዋን ቆርሳ ጎረሰች።

ደሳለችን ከቧንቧው ጋ እጇን ስትታጠብ አገኘቻት።

«ለምን እንዲህ አደረግሽልኝ?» አለቻት። «ተነጋግረን እንኳን አናውቅም።»

ደሳለች እጇን አራገፈች። «ላ… ላንቺ ብቻ አይደለም። እኔም አንድ ቀን እዚያ እ… እወጣለሁ እያልኩ ሁልጊዜ እፈራ ነበር።» ትንሽ ፈገግ አለች። «ያንቺ ስልክ ውስጥ የኔ ፎቶ አለ እንዴ?»

የቀልድ አጠያየቅ ነው። «የለም» ብትላት ማንም አያውቅም። ደሳለችም ሄዳ ምሳዋን ትበላለች።

«አለ» አለች ሀያም።

ስልኩን ከፍታ ሰጠቻት። ደሳለች እርጥብ ጣቷን ቀሚሷ ላይ ጠርጋ ተቀበለቻት። አየችው፣ አየችው። ፈገግታዋ ጠፋ።

«ሳልጠይቅሽ ነው ያነሳሁሽ» አለች ሀያም። «ብርሃኑ ነበር ደስ ያለኝ። ግን መጠየቅ ነበረብኝ።»

«የምለውን ሰምተሽ ነበር?»

«ሰምቼ ነበር።»

«በ… በመጨረሻ ወጥቶልኛል» አለች ደሳለች ፎቶውን እያየች። «ስሜን፣ ያባቴን ስም፣ ክፍሌን፣ ሁሉንም ሳ… ሳልቆም። እሱንስ ሰማሽ?»

«እሱን አልሰማሁም። ሄጄ ነበር።»

«አዎ» አለች ደሳለች። «አ… አንስተሽ ስትጨርሺ ሄደሻል።» ስልኩን መለሰችላት። «አጥፊው።»

ሀያም እዚያው እያየቻት አጠፋችው፤ የጠፉ ፎቶዎች ከሚከማቹበትም ገብታ አጠፋችው። ትናንት ድንጋዩ ላይ ተቀምጣ ያደረገችው ነገር አፏ ጫፍ ላይ መጣ። ደሳለች ግን የምሳ ዕቃዋን ከፍታ «ነ… ነይ፣ ብዙ ነው» አለቻት። ሀያም አጠገቧ ተቀመጠች። የቀረውን ዛሬ አልተናገረችም።

*

የመጨረሻው ደወል ሲደወል ክፍሉ እንደተለመደው በጩኸት ባዶ ሆነ። ሀያም ቦርሳዋን እየዘጋች ሳለ ስልኳ ተንቀጠቀጠ። ሮሃ ናት።

«በር ላይ ልጠብቅሽ? ወይስ ልሂድ?»

ሀያም ወደ መስኮቱ ሄደች። ከሁለተኛ ፎቅ የግቢው በር ወለል ብሎ ይታያል። ሮሃ አጥሩን ተደግፋ ስልኳን በሁለት እጇ ይዛለች። ፎቶ ስትነሳ እንደምታደርገው አንገቷን ሰበር፣ ፀጉሯን ወደ አንድ ጎን መለስ አላደረገችም። ተማሪዎች በፊቷ በቡድን በቡድን ያልፋሉ፤ ሰላም ስትባል ቀና ትላለች፣ ወዲያው ወደ ስልኩ ትመለሳለች። ከውጪ ረዳቶች «ፒያሳ! ፒያሳ! ሁለት ሰው!» ይላሉ።

ሀያም «ሂጂ» ብላ ጻፈች። አልላከችውም፤ አጠፋችው። «እንዴት አስቻለሽ?» ብላ ጻፈች። እሱንም አጠፋችው።

የግቢው ሰው እየሳሳ ሄደ። ሮሃ ጎንበስ ብላ ቦርሳዋን ከመሬት አነሳች። ትከሻዋ ላይ አደረገችው። አንድ እርምጃ ሄደችና ቆመች፤ ቦርሳውን መልሳ አወረደችው።

ሀያም እንደገና ጻፈች፦ «ጠብቂኝ። ግን ታክሲ አንይዝም፣ በእግር ነው የምንሄደው። የምጠይቅሽ ብዙ ነገር አለኝ።»

ላከችው። ስልኩን ቦርሳዋ ውስጥ ከመጻሕፍቱ ሥር ከታ ወደ ደረጃው ሄደች።